ለአባቴ የነገርኩት የዓለም ታሪክ

አባቴ ስለ ሰማይ፣ ስለ ሰው አካልና ስለ ዓለም ነገሥታት በአማርኛ ያወቀውን ሁሉ የነገርኩት እኔ ነኝ። ግማሹ ውሸት ነው። ያኔ ዐሥር ዓመቴ ነበር፤ ውሸቴ ማንን እንደሚጎዳ አላውቅም ነበር። ባውቅ ኖሮ እተወው ነበር ብዬ ልምልላችሁ እችላለሁ፤ ግን እንደዚያ የጣፈጠኝ ነገር ብዙ ስለሌለ ባልምል ይሻላል።

ነገሩ የሆነው በ1955 ዓ.ም. አሥመራ፣ ሓዝሓዝ በሚባለው ሰፈራችን ነው። አባቴ አቶ ተወልደመድኅን ስሙን የማልጠራው አንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት ውስጥ ዐሥራ ዘጠኝ ዓመት ሠርቷል። ደብዳቤ ሲገባ ቁጥር ይሰጣል፣ ሲወጣም ቁጥር ይሰጣል፤ የትኛው ፋይል የትኛው መደርደሪያ ላይ እንዳለ ዐይኑን ጨፍኖ ይነግራችኋል። ጣሊያንኛ ይጽፋል። ትግርኛውንማ ተዉት፤ የሰፈሩ ሰው ማመልከቻ ሁሉ በእሱ እጅ ያለፈ ነው። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ግቢያችን ውስጥ ባለጉዳዮች ተደርድረው ተራ ሲጠብቁ እያየሁ ነው ያደግሁት። ስለዚህ አባቴ የማያውቀው ነገር ይኖራል ብሎ ማሰብ ለእኔ ኀጢአት ነበር።

አማርኛም የሚያውቅ ይመስለኝ ነበር። ምን ላድርግ፣ ፊደሉ አንድ ነው! ልጅ ሆኖ የቄስ ትምህርት ቤት ተምሯልና ጋዜጣውን አንስቶ ያንበለብለዋል፤ ሐውንም ዐውንም ከጉሮሮው ድረስ ጎትቶ እያወጣ፣ እንደ ዲያቆን እያዜመ። ከሦስት ቃል ሁለቱ እንደማይገባው በምን ልወቅ? እኔ ራሴ አርባ ዓመት ለሚጠጋ ጊዜ ማተሚያ ቤት ውስጥ የሰው ስሕተት ሳርም ኖሬ ጡረታ የወጣሁ ሴት ነኝ። ሳይገባቸው አሳምረው የሚያነቡ ስንት ሰዎች እንዳሉ ብነግራችሁ አታምኑኝም።

የእኔ አማርኛ ግን የመንገድ አማርኛ ነበር። ከጎናችን የአንድ የመቶ አለቃ ቤተሰብ ነበር የሚኖረው፤ ከጎጃም የመጡ ናቸው። ልጃቸው ይመኙሻል እኩያዬ ነች። በራችን ላይ ሃንዳይ፣ እናንተ ሰኞ ማክሰኞ የምትሉትን ማለቴ ነው፣ ስንጫወት እንውላለን። እሷ መሥመሩን ትረግጥና አልረገጥኩም ትላለች። ከእሷ ጋር ለመከራከር የሚበቃ አማርኛ ያላት ልጅ የትም ገብታ ትኖራለች። ክፍል ውስጥም መምህሩ አንብቦ የሚያስረዳ ሲፈልግ ጣቱን የሚቀስረው ወደ እኔ ነበር።

በጥር ወር አንድ ቀን አባቴ ከሥራ ሲመለስ ብስክሌቱን ግድግዳው ላይ አስደግፎ ከኮቱ የውስጥ ኪስ አንድ ወረቀት አወጣ። በታይፕ የተጻፈ ነው፤ ከታች ሐምራዊ ማኅተም አለበት። «በሳይንስና በዓለም ታሪክ እንዲነበቡ የተመከሩ መጻሕፍት» ይላል፤ ከሥሩም የሦስት መጻሕፍት ስም ተጽፏል። ከዚያ በላይ ያለው የወረቀቱ ክፍል በመቀስ ተቆርጦ ወጥቷል።

«ይህ ላንቺ ነው» አለኝ።

«ከትምህርት ቤት ነው?»

«ከመንግሥት ነው» አለ አባቴ። አልዋሸም።

መንግሥት እኔን ዘቢብን አስቦ ወረቀት ጻፈልኝ! ይመኙሻል እንዳትሰማ ብዬ ሳይሆን እንድትሰማ ብዬ በአጥሩ በኩል ጮክ ብዬ አነበብኩት። የመቶ አለቃ ልጅ ሆና ለእሷ አልጻፈላትም።

በመቀስ የተቆረጠውን ክፍል ያየሁት ሠላሳ ዓመት ያህል ቆይቶ፣ አንድ የአባቴ ባልደረባ ለቅሶ ቤት የሟቹን ወረቀቶች ስናገላብጥ ባገኘሁት ሌላ ቅጂ ላይ ነው። «ለመሥሪያ ቤታችን ሠራተኞች በሙሉ» ይላል። ከእንግዲህ ሥራው ሁሉ የሚካሄደው በአማርኛ ስለሆነ ማንኛውም የጽሕፈት ሠራተኛ ከዚህ በታች የተመከሩትን መጻሕፍት አንብቦ፣ እስከ መጋቢት መጨረሻ ድረስ ኮሚቴ ፊት ቀርቦ በአማርኛ ያስረዳል። ማስረዳት ያልቻለ ቋንቋ ወደማይጠይቅ ሥራ ይዛወራል። አባቴ ይህን ቆርጦ ምድጃ ውስጥ ከተተው፤ የቀረውን ለእኔ ሰጠኝ።

መጻሕፍቱን በማግስቱ ይዞልኝ መጣ። ስማቸውን ማን ይይዛል፣ እኔ በቀለማቸው ነበር የምጠራቸው። ቀጭኑ ቀይ ስለ ሰማይ ነው፣ አረንጓዴው ስለ ሰው አካል፣ ወፍራሙ ቡናማ ስለ ዓለም ታሪክ።

ደንቡንም ነገረኝ። ዐሥራ አንድ ሰዓት ላይ ከሥራ ሲመጣ እጄን ታጥቤ እጠብቀዋለሁ። ሁለት ገጽ አነባለታለሁ። ከዚያ መጽሐፉን እዘጋና ያነበብኩትን በራሴ አማርኛ አስረዳዋለሁ። እሱ ደግሞ ከዐሥር ነጥብ ይሰጠኛል።

«አንተ ታውቀው የለ እንዴ? ለምን አስረዳሃለሁ?» አልኩት።

«አንቺ ማወቅሽን እንዳውቅ ነዋ» አለኝ። «በሊ፣ ኣንብቢ!»

አነባለሁ። እሱ እጁን አጣምሮ፣ ግንባሩን ቋጥሮ ይሰማኛል። ከበድ ያለ ቃል ሲመጣ እጁን ያነሣና፣ «ቁሚ! ይህ ቃል ምን ማለት ነው?» ይለኛል በቁጣ። ሰበብ ፈልጎ ሊቀጣኝ ይመስለኝና በላብ ተጠምቄ አብራራለሁ። እሱም ደብተሩን አውጥቶ ይጽፋል። ጥፋቴን እየመዘገበ ነው ብዬ አስብ ነበር። ደብተሩ ውስጥ የነበረው በግራ በኩል የአማርኛው ቃል፣ በቀኝ በኩል የትግርኛው ፍቺ ነው። የአባቴ ብልሃት የገባኝ ካደግሁ በኋላ ነው፤ የማያውቀውን ሁሉ እየተቆጣ ነበር የሚጠይቀኝ።

የጀመርነው ከአረንጓዴው ነው፤ የመጀመሪያውን ሳምንት እውነቱን ነው የተናገርኩት። ነጥቤ ከአምስት አልወጣ አለ። የመጽሐፉ አማርኛ ረጅም ነው፤ ግሡ ከስንት መሥመር በኋላ እየተጎተተ ይመጣል። እኔም የማስረዳው በዚያው በመጽሐፉ አነጋገር ስለነበር አባቴ ፊቱ ይጨማደድና፣ «ግልጽ አይደለም፣ አምስት» ይለኛል።

አንድ ማክሰኞ ይመኙሻል በር ላይ ሆና በፉጨት ትጠራኛለች። መንገዱ ላይ ሃንዳዩን አሥምራ ጨርሳለች። እኔ ደግሞ አረንጓዴውን መጽሐፍ ይዤ ስለ ደም ማንበብ ከጀመርኩ ገና ግማሽ ገጽ ነው። ምን እንደገፋፋኝ እንጃ፣ ሁለት ገጽ አንድ ላይ ገለጥኩና ከመሀል ቀጠልኩ። ዐረፍተ ነገሩ ስለ ደም ጀምሮ ስለ ጥርስ አለቀ። አባቴን በዐይኔ ጠርዝ አየሁት። ራሱን ነቀነቀ።

«አስረጂ» አለኝ።

ማስረዳቱን እንዴት ላድርገው? የዘለልኩትን አላውቀው! አፌ ግን ከእኔ ቀድሞ ተነሣ።

«ደም በሰው ሰውነት ውስጥ በቀን አንድ ጊዜ ይዞራል» አልኩት። «ጠዋት ከልብ ይነሣል፣ ምሳ ሰዓት እግር ይደርሳል፣ ማታ ይመለሳል። እሁድ ግን ያርፋል።»

«እሁድ?»

«እሁድ ሰው ሥራ አይሠራምና።»

አባቴ እርሳሱን ቀረጸ። ከዚያ ደብተሩ ላይ ጻፈና፣ «ጽቡቕ፣ ጥሩ። በጣም ግልጽ ነው። ስምንት» አለኝ።

ስምንት! በሕይወቴ እንደዚያ ቀን ዘልዬ አላውቅም፤ ይመኙሻልን ሦስት ጊዜ አሸነፍኳት።

ከዚያ ወዲያ ማን ይያዘኝ? ከሁለቱ ገጽ ግማሹን አነባለሁ፣ የቀረውን እፈጥራለሁ። ከዋክብትን የሚያሳየውን መነጽር የሠራው አንድ ዕውር ሰው ነው፤ ራሱ ማየት ስላልቻለ ለሌሎች ይሁን ብሎ ነው። ሰባት ተቀበልኩ። ግሪኮች ጦርነት የሚገጥሙት በሰርግ ወራት ብቻ ነው፤ ሌላ ጊዜ እርሻ አለባቸው። ስምንት። ትልቁ ግን የቻይና ግንብ ነው። አንዲት የቻይና ንግሥት ሰባት መቶ ፍየሎች ነበሯት። ጎረቤቶቿ እየመጡ ይሰርቋታል። ባሏን አጥር ሥራልኝ ብትለው ሰነፍ ነው፤ ስለዚህ ሕዝቡን ጠርታ ያንን ሁሉ ግንብ አሠራች።

«ሰባት መቶ?» አለ አባቴ እርሳሱን አንሥቶ።

«ሰባት መቶ። ግልገሎቹን ሳይጨምር።»

ዘጠኝ ሰጠኝ። በሰፈር አማርኛ፣ በአጭር በአጭሩ ስለምዋሽ እያንዳንዱ ቃል ይገባው ነበር። እውነቱን ስናገር ግን እኔም ራሴ አይገባኝም፣ ለእሱስ እንዴት ይገባዋል?

አባትሽ እንዴት ይህን ያምናል ትሉኝ ይሆናል። አባቴ ሞኝ አልነበረም። ጣሊያኖች ለሀገሬው ልጅ ከአራተኛ ክፍል በላይ ስለማያስተምሩ አራተኛ ላይ ቆመ እንጂ ጭንቅላቱ ምላጭ ነው። የፍየሉን ነገር ያመነው አይመስለኝም። ያመነው መንግሥት የፍየሉን ነገር እንደሚያምን ነው። ዘመኑን አስቡት። በኅዳር አንድ ጠዋት የኤርትራ ፓርላማ ተሰብስቦ ራሱን አፍርሶ ወጣ ተባለ። ትናንት የተሰቀለው ባንዲራ ዛሬ የለም። ትናንት የተጻፈበት ቋንቋ ዛሬ መዝገብ ቤት አይገባም። ይህን ሁሉ ያየ ሰው መንግሥት ባተመው መጽሐፍ ቻይና የታጠረችው ለፍየል ነው ቢባል ምን ይገርመዋል? ማንም ምንም አልጠየቀም፤ አባቴም አልጠየቀም፤ መዝግቦ ቁጥር ሰጠው።

በየካቲት ንጋሲ የሚባለው የአባቴ ባልደረባ እሁድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ ቤታችን መጣ። ሣቂና ድምፁ ትልቅ ሰው ነው። ያን ቀን ግን እናቴ ወይዘሮ ለተብርሃን ሻሂ ስታቀርብለት ቀና ብሎም አላያት።

«እኔን አሰብ ነው የሚልኩኝ» አለ። «የመጋዘን ጠባቂ። ይታየኛል።»

«አንተ ደግሞ!» አለው አባቴ።

«አንተስ? አንተ ምን ተማምነህ ነው?»

አባቴ ወደ እኔ አየ፤ እናቴም አየችኝና ከክፍሉ አስወጣችኝ።

አሰብ! እኔ በበኩሌ ከበሩ ጀርባ በደስታ ልፈነዳ ነው። አሰብ ባሕር አለ። መምህራችን በካርታ አሳይቶናል፣ ሰማያዊ ነው። ንጋሲ አሰብ ሊሄድ ከሆነ እኛም ለምን አንሄድም? ለሦስት ሳምንት ማርያምን፣ አባቴን አሰብ ላኪልኝ ብዬ ለመንኳት። ይህንን እስከ ዛሬ ለማንም አልተናገርኩም። አባቴ በአንድ በኩል ደብተሩን ታቅፎ እንዳይሄድ ይታገላል፣ ልጁ በሌላ በኩል እንዲሄድ ስእለት ትሳላለች። ማርያም የማንን ትስማ?

የመጋቢት የመጨረሻው ቅዳሜ ጠዋት ከእንቅልፌ ስነሣ አባቴ የሰርግ ሱፉን ለብሷል። ጺሙን ተላጭቷል። ደብተሩን በብብቱ ይዟል። እናቴ ደጅ ድረስ ተከትላው ወጣች፤ ብስክሌቱ ላይ ሲወጣ አማተበችለት። ስትመለስ ዐይኗ ቀልቷል።

«ማን ሞተ?» አልኳት።

«አፍሽን ዝጊ!» አለችኝ። ከዚያ ቁጭ አለችና ፊቷን በነጠላዋ ሸፈነች። «አባትሽ ዛሬ ፈተና አለበት።»

«አባዬ? ማን ነው አባዬን የሚፈትነው?»

«ከአዲስ አበባ የመጡ ሰዎች። ያን ያነበባችሁትን መጽሐፍ በአማርኛ ተናገር ይሉታል። ካልቻለ አሰብ ይልኩታል።»

«እና እንሂዳ!»

እናቴ እንደ እብድ አየችኝ። «ማን ነው የሚሄደው? ብቻውን ነው የሚሄደው። እኛ ምን በልተን እዚያ እንኖራለን? ያ ሙቀት፣ በዚያ ሳንባው! ባለፈው ዓመት ምጽዋ ሦስት ቀን ቆይቶ እንዴት ሆኖ እንደመጣ አላየሽም?»

አይቼ ነበር። ሲያስል ሌሊቱን ሙሉ ተቀምጦ ነው ያደረው። መጀመሪያ ወደ አእምሮዬ የመጣው ግን ሳሉ አይደለም፣ ፍየሎቹ ናቸው። ሰባት መቶውም በአንድ ጊዜ መጡብኝ። ከኋላቸው ዕውሩ ሰውዬ፣ ከእሱ ኋላ እሁድ የሚያርፈው ደም። አባቴ ያንን ሁሉ ተሸክሞ ኮሚቴ ፊት ሊቆም ሄዷል፤ ያሸከምኩት እኔ ነኝ። ጫማዬን ሳላስር ወጣሁ።

ከሓዝሓዝ መሀል ከተማ ለልጅ እግር ቅርብ አይደለም። ፌርማታው ላይ አውቶቡስ ቆሞ ነበር፣ ሳንቲም ግን የለኝም። ሮጥኩ። ዘንባባዎቹ ያሉበት ትልቁ መንገድ ስደርስ ቡና ቤቶቹ በረንዳ ላይ ጣሊያኖች ጋዜጣ ዘርግተው ተቀምጠዋል፤ አንዱ እየሮጥኩ ሳልፍ አጨበጨበልኝ። ደረቴ ሊፈነዳ ደርሷል፣ በዚያ ላይ አለቅሳለሁ።

መሥሪያ ቤቱ በር ላይ ኪዳኑ የሚባል ዘበኛ አለ።

«ወዴት?» አለኝ።

«የአቶ ተወልደመድኅን ልጅ ነኝ። መነጽሩን ረስቶ ነው፤ ያለ መነጽር ማንበብ አይችልም።»

አባቴ መነጽር አድርጎ አያውቅም፤ እጄም ባዶ ነው። ኪዳኑ ግን፣ «ወይለይ፣ ቶሎ ግቢ!» ብሎ አሳለፈኝ። ያን ያህል ተለማምጄ ነበር።

የአዳራሹ በር ገርበብ ብሏል። በግድግዳው በኩል ረጅም አግዳሚ ወንበር ላይ ተራቸውን የሚጠብቁ ሠራተኞች ተደርድረዋል፤ ንጋሲም አለ። ፊት ለፊት አረንጓዴ ጨርቅ የለበሰ ጠረጴዛ፣ ከጀርባው ሦስት ሰዎች። መሀል ያለው፣ በኋላ ስሙ እሸቱ መሆኑን የሰማሁት፣ ወፈር ያለና ኮቱ ላይ ሁለት ብዕር የሰካ ነው። አባቴ ከፊታቸው ቆሟል። ደብተሩን ዘግቶ ይዞታል። ጀርባው ቀጥ ብሏል።

«...ባልዋም ሰነፍ ነበረ» ይላል አባቴ። «ስለዚህ ንግሥቲቱ ሕዝቡን ሰበሰበች። እነዚህን ሰባት መቶ ፍየሎች ሌባ እንዳይሰርቅብኝ፣ ዐቢይ ግንብ ሥሩልኝ አለች።»

አቶ እሸቱ ብዕሩን እያሽከረከረ ራሱን ይነቀንቃል። «አዎን፣ አዎን» አለ። «የፍየሎቹ ነገር የታወቀ ነው።» ወረቀቱም ላይ አንድ ነገር ጻፈ።

«ውሸት ነው!» ብዬ ጮህኩ።

አዳራሹ ሁሉ ዞረ። አባቴ ብቻ አልዞረም፤ ድምፄን ዐውቆታል። ጆሮው ግን ሲቀላ ከኋላው ታየኝ።

«ማነሽ አንቺ?» አለ አቶ እሸቱ።

«ዘቢብ ተወልደመድኅን እባላለሁ፤ አራተኛ ክፍል ነኝ። አባቴ ጥፋት የለበትም! ፍየሎቹን የፈጠርኳቸው እኔ ነኝ። ዕውሩንም ሰውዬ እኔ ነኝ። ግሪኮችም በሰርግ አይዋጉም። እሱ በየቀኑ እያስነበበ አስረጂኝ ይለኛል፣ እኔ ሃንዳይ ልጫወት ብዬ ገጽ እየዘለልኩ ዋሸሁት። እባካችሁ አሰብ አትላኩት፤ ሳንባው አይችልም፤ እኔን ግረፉኝ!»

ይህን ሁሉ በአንድ ትንፋሽ ነው ያልኩት። አግዳሚው ላይ መጀመሪያ አንድ ሰው ፈነዳ፣ ከዚያ ሁሉም። ንጋሲ ጉልበቱን እየመታ ይስቃል። በአቶ እሸቱ ግራ የተቀመጠው ቀጭኑ ሰውዬ ግን አልሳቀም፤ ቀስ ብሎ ወደ እሸቱ ዘወር አለ።

«ይቅርታ፣ አቶ እሸቱ» አለ። «የፍየሎቹን ነገር የታወቀ ነው አላሉም እንዴ?»

አቶ እሸቱ መሐረቡን አወጣ፤ ግንባሩን ጠረገ፤ መሐረቡን አጥፎ መለሰ። ሦስቱን መጻሕፍት የመረጣቸውና ወረቀቱን የፈረመው እሱ ነበር። ለእሱ የደረሱት መጻሕፍት ካርቶን ሳይከፈት ጥግ ላይ ተቀምጦ እንደነበር ንጋሲ በኋላ ለሰው ሁሉ አውርቷል።

«አቶ ተወልደመድኅን» አለ በመጨረሻ። «ይህቺ ልጅ ይህን ሁሉ የነገረችዎት በአማርኛ ነው?»

«በአማርኛ ነው፣ ጌታዬ» አለ አባቴ።

«እርስዎም የነገሩን በአማርኛ ነው?»

«እወ... አዎ።»

«እንግዲህ ፈተናው የአማርኛ ነው» አለ አቶ እሸቱ ወደ ቀጭኑ ሰውዬ ዞሮ። «ቻይና ሄዶ የሚሠራ ሰው ላኩልን ያለን የለም። አልፈዋል። የሚቀጥለው!»

እጄን ይዞ ያወጣኝ አባቴ ነው። ከኋላችን ንጋሲ በዚያ በትልቁ ድምፁ፣ «የዘቢብ ተማሪ!» ሲል ሰማሁት፤ አዳራሹም እንደገና ሣቀ። እኔ በኩራት ቀና አልኩ። አባቴን ከአሰብ ያዳንኩ ጀግና ነኝ፤ ስሜም በመሥሪያ ቤቱ ተጠርቷል። ጀላቶ፣ ያንን የጣሊያኖቹን አይስክሬም፣ ይገዛልኛል ብዬ ጠበቅሁ።

አሁን ነገሩን ሳስበው፣ እኔ ስጮህ አባቴ አልፎ ጨርሶ ነበር። እሸቱ ወረቀቱ ላይ ሲጽፍ ያየሁት እሱን ነው። አምስት ደቂቃ ብዘገይ ኖሮ አባቴ ደብተሩን ይዞ፣ ቀጥ እንዳለ ይወጣ ነበር። ያ ሁሉ በመቀስ የተቆረጠ ወረቀት፣ ያ ሁሉ የውሸት ቁጣ፣ ከዐሥር የሚሰጠኝ ነጥብ፣ አንድ ነገር ለመደበቅ ነበር፤ እኔ በመላው አግዳሚ ፊት ጮኼ ተናገርኩት። ንጋሲ አሰብ ሄደ፤ የዘቢብ ተማሪ የሚለው ስም ግን አባቴ ጡረታ እስኪወጣ ድረስ መሥሪያ ቤቱ ውስጥ ቀረ። ይህን ሳስታውስ ዛሬም ፊቴን በእጄ እሸፍናለሁ።

ብስክሌቱ ላይ አላስቀመጠኝም። እሱ በአንድ በኩል፣ እኔ በሌላ በኩል ሆነን ብስክሌቱን እየገፋን ሄድን። ትልቁን መንገድ ከነቡና ቤቶቹ ጨርሰን ሽቅብ ታጠፍን። ጀላቶው እየራቀ መሄዱ ገባኝ። ቀጥሎ የሚመጣው ጥፊ ነው ብዬ ጉንጬን አዘጋጀሁ።

«ደሙስ?» አለኝ ድንገት በትግርኛ። «ያ እሁድ የሚያርፈው?»

«የእኔ ነው» አልኩ።

«ኣይ፣ እሱንስ ወድጄው ነበር።» ጥቂት ሄደ። «ጨረቃ ላይ ተራራ አለ ያልሽኝ?»

«እሱ እውነት ነው። መጽሐፉ ላይ አለ።»

«እውነት ነው?»

«እውነት።»

«ብርሃን ከፀሐይ ተነሥቶ እኛ ጋ እስኪደርስ ስምንት ደቂቃ ይፈጅበታል ያልሽኝስ?»

«እሱም እውነት ነው፣ አባዬ። ማርያምን!»

አባቴ ቆመ። ብስክሌቱም ቆመ። «እሱን ውሸት ይመስላል ብዬ ሳልናገረው ቀረሁ» አለ።

እጁን ግንባሩ ላይ ጋርዶ ወደ ላይ አየ። እኔም አየሁ። የመጋቢት ፀሐይ ዐይን ያጠፋል። መንገደኛ ሁሉ ምን አገኙ ብሎ ቀና እያለ ያልፋል፤ አባቴ ግን ስለ መንገደኛው አልተጨነቀም። የሰርግ ሱፉን ለብሶ፣ አፉን ትንሽ ከፍቶ ቆሟል።

«ስምንት ደቂቃ» አለ። «ማን ሄዶ ለካው? እንዴት አወቁት?»

በቁጣ አልነበረም። አባቴ የማያውቀውን ነገር ሳይቆጣ ሲጠይቀኝ ያ የመጀመሪያው ነው። ልዋሽለት እችል ነበር፤ አፌ ላይ ሦስት የሚያምሩ መልሶች መጥተው ነበር። አንዱ ስለ ፈጣን ፈረስ ነው። ግን አልቻልኩም።

«አላውቅም» አልኩት። «ያንን ገጽ ዘልዬዋለሁ።»

ቤት ስንደርስ እናቴ ደጃፍ ላይ ቆማ ትጠብቀናለች። «አለፍኩ» አላት፤ እልል ልትል አፏን ስትከፍት በእጁ ምልክት ዝም አሰኛት። ብስክሌቱን አስደገፈ። ኮቱን አውልቆ ሚስማሩ ላይ ሰቀለ።

«ቀዩን መጽሐፍ አምጪ» አለኝ።

«ፈተናው አልቆ የለም እንዴ?»

«ፈተናውማ አልቋል» አለ። «እኔ ግን ገና አላወቅሁም።»

መጽሐፉን አመጣሁለት። ጉልበቱ ላይ አስቀምጦ ወደ እሱ ጠጋ እንድል በእጁ አሳየኝና የመጀመሪያውን ገጽ ገለጠ።

«መዝለል የጀመርሽው ከየት ነው?» አለኝ።

«ከሁለተኛው ገጽ» አልኩት።